ዜሮ ያገኘችው ሞኒካ፦ ዘፈንና ትወና በአንድ ሰው ላይ እንዴት ተገናኙ?

ማርች 23 ቀን 1963፣ ለንደን። (ዓመቶቹ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) የ16 አገሮች ዘፋኞች በቢቢሲ ስቱዲዮ ዘፍነው ጨርሰዋል። አሁን የዩሮቪዥን፣ የአውሮፓ አገሮች የዘፈን ውድድር፣ ነጥብ የሚቆጠርበት ሰዓት ነው። የየአገሩ ዳኞች ተራ በተራ በስልክ ይገባሉ። ቁጥር ይጨመራል፣ ደረጃ ይቀያየራል። ከስዊድን ስም ጎን ያለው ቁጥር ግን ንቅንቅ አላለም። የመጨረሻው አገር ተናግሮ ስልኩን ሲዘጋም ያው ነው። ዜሮ።

ያንን ዜሮ ይዛ ወደ አገሯ የተመለሰችው ዘፋኝ ሞኒካ ሴተርሉንድ ትባላለች። ያኔ 25 ዓመቷ ነበር። ስዊድን በዚህ ውድድር ብዙ ጊዜ አሸንፋለች፣ ብዙ ጊዜም ተሸንፋለች። አንድም ነጥብ ሳታገኝ የቀረችው ግን ያን ምሽት ብቻ ነው።

አሁን ደግሞ ይህን ስሙ። ስቶክሆልም ውስጥ በሞኒካ ስም የተሰየመ መናፈሻ አለ። እዚያ ካለው ረጅም አግዳሚ ወንበር ላይ አረፍ ያለ ሰው ዘፈኖቿን ይሰማል። በ2013 ስለ ሕይወቷ ፊልም ተሠርቷል። የፊልሙ ርዕስ ስሟና የቤተሰብ ስሟ የመጀመሪያ ፊደል ብቻ ነው። ለስዊድን ተመልካች ያ በቂ ነበር።

ስለዚህ ሁለት ጥያቄ አለብን። አንደኛ፣ ያ ዜሮ እንዴት መጣ? ሁለተኛውና ዋናው፣ ይህች ሴት ዘፋኝ ናት ወይስ ተዋናይት? የጃዝ ወዳጆች የእኛ ናት ይላሉ። የቲያትር ሰዎችም የእኛ ናት ይላሉ። ፊልም የሚወዱ ደግሞ አንዲት ገጸ ባሕሪ ይጠሩና ይቺን ማን ይረሳል ይላሉ። እኔ ሦስቱም አልተሳሳቱም ባይ ነኝ። ሞኒካ ሦስት ሙያ አልነበራትም። አንድ ሙያ ነው የነበራት፤ እሱም ቃልን ሰው እንዲገባው አድርጎ መናገር ነው። አንዳንዴ በዜማ፣ አንዳንዴ ያለ ዜማ። ላሳያችሁ።

ስለ ስሟ ግን አንድ ነገር ልበል። በላቲን ፊደል ሲጻፍ በ«ዜድ» ይጀምራል። ስዊድንኛ ግን የ«ዘ» ድምፅ የለውም። ሰዎቹ ሴተርሉንድ ነው የሚሉት፣ እኛም እንደ እነሱ እንበል።

መጀመሪያ ዜሮውን እናፍታታው። በዛሬው ዩሮቪዥን የእያንዳንዱ አገር ዳኞችም ተመልካቾችም ለየብቻ ለ10 ዘፈኖች ነጥብ ያድላሉ። በ1963 እንደዚያ አልነበረም። እያንዳንዱ አገር 20 ዳኞች ነበሩት። የእነሱ ውጤት ተደምሮ አንደኛ የወጣው ዘፈን 5 ነጥብ፣ ሁለተኛው 4 እያለ አምስተኛው 1 ያገኛል። ከዚያ በታች ምንም የለም። አገር ለራሱ ዘፈን አይሰጥም። ስለዚህ ከ15 ዘፈኖች 10ሩ በእያንዳንዱ ስልክ ባዶ እጃቸውን ይቀራሉ። በሁሉም አገር ስድስተኛ የወጣ ዘፈን ቢኖር፣ ማለትም ማንም ያልጠላው ዘፈን፣ መጨረሻ ላይ የሚይዘው ዜሮ ነው። በዚህ አቆጣጠር ዜሮ ማለት «መጥፎ» ማለት አይደለም። «የማንም አምስት ውስጥ አልገባም» ማለት ነው።

ያን ምሽት ዜሮ የያዙት አራት አገሮች ነበሩ፦ ስዊድን፣ ኖርዌይ፣ ፊንላንድና ኔዘርላንድስ። ያሸነፈችው ጎረቤት አገር ዴንማርክ ናት፣ በባልና ሚስቱ ግሬተና ዮርገን ኢንግማን። እሱም ቢሆን ያለ ጭቅጭቅ አልሆነም። የኖርዌይ ዳኞች ተወካይ ተራው ሲደርስ ነጥቡን በሥርዓቱ አልተናገረም። መጨረሻ ላይ ተመልሰው ሲጠይቁት የሰጠው ቁጥር ከፊተኛው የተለየ ሆነ። በዚያ ልዩነት ዴንማርክ ስዊዘርላንድን ቀድማ ወጣች። ሰው እስከ ዛሬ ያነሳዋል።

የሞኒካ ዘፈን ስለ ስቶክሆልም ነው። ዜማው የቦቢ ኤሪክሶን፣ ግጥሙ የቤፔ ቮልገርስ። ረጋ ያለ፣ የጃዝ ጠረን ያለበት ዘፈን ነው። አንዴ ሰምቶ ለሚፈርድ ዳኛ አይመችም። ከሁሉ በላይ ደግሞ የሞኒካ ጉልበት ቃሉ ላይ ነው። ከዳኞቹ አብዛኞቹ ስዊድንኛ አይሰሙም። ማለት የእሷ ዋናው ነገር አልደረሳቸውም። የደረሳቸው ቀዝቀዝ ያለ ዜማና አንዲት ረጋ ያለች ሴት ናት። በዚህ እኔ ዳኞቹን አልወቅስም። ግን ዜሮው ስለ ችሎታዋ ምንም አይነግረንም።

ይህ የቃል ነገር ከየት መጣ? ከሃግፎሽ እንነሳ። ሞኒካ በ1937 የተወለደችው እዚያ ነው። ሃግፎሽ በምዕራብ ስዊድን፣ ወደ ኖርዌይ በሚያዋስነው በቬርምላንድ አካባቢ ያለች ትንሽ የብረት ሥራ ከተማ ናት። አባቷ ሙዚቀኛ ነበር፣ ባንድም ነበረው። መዝፈን የጀመረችው ከእሱ ጋር ነው። የስልክ ማዞሪያ ሠራተኛ ሆናም ሠርታለች። የማይታይ ሰው ጆሮ ውስጥ ገብቶ መነጋገር የሚጠይቅ ሥራ ነው።

ጃዝን የተማረችው ከሬዲዮና ከሸክላ ነው። መጀመሪያ ላይ እንግሊዝኛ አትችልም ነበር። የአሜሪካኖቹን ዘፈን ትርጉሙን ሳታውቅ ድምፁን ብቻ ይዛ ነበር የምትዘፍነው። ይህን ብዙዎቻችን እናውቀዋለን። በልጅነታችን ያልገባንን የውጭ ዘፈን ከነስህተቱ ሸምድደን ስናንጎራጉር ያደግን ብዙ ነን። ልዩነቱ፣ ሞኒካ በኋላ ያ ነገር የከነከናት ይመስላል። በሥራዋ ሁሉ የሚታየው የተገላቢጦሽ ነው። አንዲት ቃል ሳትገባት የምታልፍ ሴት አይደለችም።

የስዊድን ጃዝ በዚያ ጊዜ ቀላል አልነበረም። ስዊድን በሁለተኛው የዓለም ጦርነት አልተካፈለችም። ከተሞቿ አልፈረሱም፣ የዳንስ አዳራሾቿም አልተዘጉም። በ1950ዎቹ ታላላቆቹ አሜሪካውያን ስቶክሆልም እየመጡ ይጫወቱ ነበር። የከተማዋ የጃዝ ቤት ናለን የሚባለው አዳራሽ ነበር። እዚህ ላይ አንድ የምወደው ታሪክ አለ። በ1951 ሳክስፎን ተጫዋቹ ስታን ጌትስ ስቶክሆልም መጥቶ አንድ የቆየ የስዊድን ሕዝብ ዜማ ቀረጸ። ዜማው የቬርምላንድ ነው፣ የሞኒካ አገር። ቬርምላንድን «አንቺ ውቢቱ» እያለ የሚያወድስ ዘፈን ነው። አሜሪካውያኑ ግን ስሙን ቀይረው ስለ ስቶክሆልም አደረጉት። ትራምፔት ተጫዋቹ ማይልስ ዴቪስም በዚያ ስም ተጫወተው። ዛሬ የዓለም የጃዝ ተጫዋች ሁሉ የቬርምላንድን ዜማ በስቶክሆልም ስም ነው የሚያውቀው። ሞኒካም እንደዚሁ ነው የሆነችው። ከቬርምላንድ ተነስታ በ1950ዎቹ መጨረሻ ከአርነ ዶምነሩስ ኦርኬስትራ ጋር ስቶክሆልም ዘፈነች፣ ከዚያ በኋላ የስቶክሆልም ድምፅ ተባለች።

አሁን ወደ ከባዱ ነገር እንግባ። ጃዝ እንግሊዝኛ ነበር። በስዊድንኛ ጃዝ መዝፈን የማይመች ነገር ነው ተብሎ ይታሰብ ነበር። ለምን? እስቲ በቅርብ እንየው።

ስዊድንኛ እንደ አማርኛ ማጥበቅና ማላላት አለው። እኛ «አለ» ስንል ላልቶ ከሆነ ተናገረ ማለት ነው፣ ጠብቆ ከሆነ ደግሞ ይገኛል ማለት ነው። እነሱም «ግላስ» አላቸው። «ላ»ን አስረዝመው «ስ»ን ካላሉት ብርጭቆ ነው። «ላ»ን አሳጥረው «ስ»ን ካጠበቁት አይስክሬም ነው። ዜማው ስለጎተተው ብቻ ዘፋኙ ያለቦታው ቢያስረዝም ቃሉ ሌላ ቃል ይሆናል። የሰሚው ጆሮ ይጎረብጠዋል። የአማርኛ ዘፈን ውስጥ የሚጠብቀው ላልቶ ሲዘፈን እንደሚሰማን ማለት ነው።

ሁለተኛ፣ የእንግሊዝኛ የፍቅር ዘፈን በአጫጭር ቃላት ይሠራል። ላቭ፣ ናይት፣ ሆም፣ ሃርት። አንዳንድ ምት ላይ ቁጭ ይላሉ። ስዊድንኛ ግን እንደ እኛ ነው። እኛ «ሌሊት» ብለን «ሌሊቱ» ስንል ጭራ እንቀጥላለን። እነሱም «ናት» ብለው «ናተን» ይላሉ፣ ሌሊቱ ማለት ነው። «ጋታ» ብለው «ጋታን»፣ ጎዳናው። ጭራዋ ቀላል ናት፣ ክብደት የላትም፣ ግን ቦታ ትፈልጋለች። በአንድ ምት ልክ የተሰፋ ዜማ ላይ ይህን ጭራ የት ታስቀምጠዋለህ? ቃል በቃል የተረጎመ ሰው እዚህ ላይ ይወድቃል።

ቤፔ ቮልገርስ አልተረጎመም። ገጣሚ ነበር፣ ተዋናይም ነበር። ዜማውን ወስዶ ግጥሙን ከአዲስ ይጽፍ ነበር። በጣም የታወቀው ምሳሌ የ1962ቱ ነው። በ1930 የወጣ አንድ የአሜሪካ ዘፈን አለ፣ ወንድ ፍቅረኛውን በእግሩ ወደ ቤቷ ስለመሸኘቱ። ቤፔ ያንን ዜማ ይዞ ሁለት ሰዎች ቀስ እያሉ ስቶክሆልም ውስጥ የሚሄዱበት ዘፈን አደረገው። የስዊድንኛው ርዕስ «ሳክታ ቪ ጎ ዬኖም ስታን» ነው። «በከተማው ውስጥ ቀስ እያልን እንሄዳለን» እንደማለት።

በዚህ ርዕስ ውስጥ አንዲት ትንሽ ነገር አለች። በዕለት ተዕለት ስዊድንኛ «እንሄዳለን» ለማለት «ቪ ጎር» ነው የሚባለው። ቤፔ ግን «ር»ን ጥሎ «ቪ ጎ» አለ። ይህ የድሮ የብዙ ቁጥር ግሥ ነው። ስዊድኖች በ20ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ ከጽሑፋቸው ያስወጡት መልክ። ዘፈኑ ሲወጣ ለሰሚው ገና የትናንት ነው። የአያት ደብዳቤ ይሸታል። አንድ «ር» በመጣል ብቻ የአሜሪካው የጎዳና ዘፈን የቆየ የስዊድን ግጥም ጠረን አገኘ። እኔ ይህን ሳውቅ ቁጭ ብዬ ነው ያደነቅሁት።

ግጥሙ እንዲህ ሆኖ ሲመጣ ለሞኒካ የቀረው መናገር ነው። ድምፇ ከፍ ብሎ የሚጮህ ዓይነት አይደለም። ማይክሮፎን ከመጣ ወዲህ ዘፋኝ አዳራሽ ለመሙላት መጮህ አቁሟል። በቅርብ ላለ ሰው የሚያወራ ያህል ቢል ይሰማል። ሞኒካ ይህን እስከ ጥግ ተጠቀመችበት። ቃሉን ከምቱ ትንሽ ዘግየት አድርጋ ታስቀምጠዋለች። ባንዱ ይቀድማል፣ እሷ ሳትቸኩል ትከተላለች። ጃዞች ይህን ከምት ኋላ መዝፈን ይሉታል። ስትሰሙት ከጎናችሁ የምትሄድ ሴት የምታወራችሁ ይመስላል። ይቺን መዘግየት ያዙልኝ፣ በኋላ እንፈልጋታለን።

በ1964 ፒያኖ ተጫዋቹ ቢል ኢቫንስ ስቶክሆልም ነበር። ኢቫንስ በ1959 በተቀረጸው የማይልስ ዴቪስ ታላቅ ሸክላ ላይ ፒያኖ የተጫወተ ሰው ነው። ከባሲስቱ ቸክ ኢዝራልስና ከድራመሩ ላሪ በንከር ጋር ሆኖ ከሞኒካ ጋር አንድ ሙሉ ሸክላ ቀረጸ። አስቡት፣ ከለንደኑ ዜሮ አንድ ዓመት ከምናምን በኋላ ነው። በዚያ ሸክላ ላይ የአሜሪካ ዘፈኖች አሉ፣ ያረጁ የስዊድን ሕዝብ ዜማዎችም አሉ። የሸክላው ልብ ግን ኢቫንስ ለወንድሙ ልጅ፣ ለሕፃኗ ዴቢ የሠራው ዋልስ ነው። ዋልስ በሦስት የሚቆጠር ምት ነው፣ አንድ-ሁለት-ሦስት እያለ ይወዛወዛል። ቤፔ ለእሱም የስዊድንኛ ግጥም ሰጠው። ርዕሱም «የሞኒካ ዋልስ» ሆነ።

ይህን ዘፈን ለምን እንደ ትልቅ ነገር እንደምቆጥረው ልንገራችሁ። ኢቫንስ ከዘፋኝ ሥር ሆኖ የሚያጅብ ዓይነት አይደለም። ይሰማል፣ ከዚያ ይመልሳል። ዝም ማለትም ያውቃል። እንዲህ ዓይነት ሰው ፊት ባዶ ድምፅ ይዞ መቆም አይቻልም፣ የምትለው ነገር ሊኖርህ ይገባል። ኢቫንስ ስዊድንኛ ባይሰማም፣ ሞኒካ ቃሉን እንዴት እንደምትተነፍሰው ይሰማ ነበር። ሁለቱ ሲነጋገሩ ነው የምንሰማው። ልክ እንደ ጥሩ የመድረክ ትዕይንት።

መድረኩስ? እዚህ ላይ የስዊድንን የመዝናኛ አሠራር ትንሽ ማወቅ ያስፈልጋል፣ ካልሆነ የሞኒካ መንገድ ግራ ያጋባል። ስዊድን ውስጥ አንድ የተከበረ የትወና መንገድ አለ። በ1788 በንጉሥ ጉስታቭ ሦስተኛ የተመሠረተው ብሔራዊ ቲያትር፣ ድራማተን፣ የዚያ መንገድ ቁንጮ ነው። ወደዚያ የሚወስደው የትወና ትምህርት ቤት ነው። ሞኒካ በዚያ በኩል አልመጣችም።

ሌላው በር «ሬቪ» ይባላል። ሬቪ በአንድ ምሽት ውስጥ አጫጭር ጭውውት፣ ዘፈን፣ ለብቻ የሚነገር ንግግርና በወቅቱ ጉዳይ ላይ የሚሰነዘር ነቀፋ የሚቀላቀልበት ዝግጅት ነው። አንድ ታሪክ የለውም። ተዋናይቷ አሁን አስተናጋጅ ናት፣ ከአምስት ደቂቃ በኋላ ሚኒስትር ናት፣ ከዚያ ተነስታ ትዘፍናለች። ባርኔጣ ቀይራ ድምፅ ለውጣ ሰው መሆን አለባት። ረጅም ዝግጅት የለም። ዘፈኑም እንደ እረፍት አይደለም የሚገባው። ጭውውቱ ያነሳውን ነገር ዘፈኑ ነው የሚጨርሰው። ስለዚህ ዘፈን የማይችል ተዋናይ ሬቪ ውስጥ ግማሽ ሰው ነው። ትወና የማይችል ዘፋኝም እንደዚሁ።

በ1960ዎቹ የዚህ ዓይነት ዝግጅት ጌቶች ሃሰ አልፍሬድሶንና ታገ ዳኒየልሶን ነበሩ። ስዊድኖች «ሃሰና ታገ» ብለው በአንድ ትንፋሽ ነው የሚጠሯቸው። ይጽፋሉ፣ ያዘጋጃሉ፣ ራሳቸውም ይጫወታሉ። የድርጅታቸው ስም «ስቬንስካ ኡርድ» ነው፣ «የስዊድን ቃላት» ማለት። ሞኒካን የወሰዷት እነዚህ ሰዎች መሆናቸው አይገርምም።

አሁን ያቺን መዘግየት አምጧት። ሰው የሚያስቅ ነገር የሚናገር ተዋናይ ትልቁ ችሎታው መቼ እንደሚናገር ማወቅ ነው። ቀድሞ ከተናገረ ሳቁ ይሞታል። ትንሽ አዘግይቶ፣ ሰሚው ሊጠብቅ ሲጀምር፣ ያኔ ጣል ማድረግ ነው። ሞኒካ ይህን ከጃዝ ይዛው ነው የመጣችው። ከምት ኋላ መዝፈንና ከጥበቃ ኋላ መናገር አንድ ጡንቻ ነው። ለዚህ ነው ትወናዋ ልፋት የማይታይበት። ሙዚቀኛ ሆና ነው የምትተውነው።

በጋ ሲመጣ ደግሞ ሕዝባዊ መናፈሻዎቹ አሉ። እነዚህ ከ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ጀምሮ የሠራተኛው ንቅናቄ በየከተማው ያቋቋማቸው ቦታዎች ናቸው። መድረክ አላቸው፣ የዳንስ ወለል አላቸው። ከስቶክሆልም የመጣ ዘፋኝ ወይም ተዋናይ በጋውን ሙሉ ከአንዱ ወደ አንዱ እየዞረ ይሠራባቸዋል። እንደ ሃግፎሽ ያለች ከተማ ውስጥ ያለ የብረት ሠራተኛ ትልልቅ አርቲስቶችን በዓይኑ የሚያየው እዚያ ነው። የስዊድን አርቲስቶች ሁለቱንም ሙያ አጣምረው የያዙበት አንዱ ምክንያት ይህ ይመስለኛል። ክረምቱን አዳራሽ ውስጥ፣ በጋውን ሜዳ ላይ። ተመልካቹ አንድ ሰው ነው፣ ሁሉንም ይፈልጋል።

ከሬቪው ወደ ፊልም መሻገሩ ሩቅ አልነበረም። በ1965 ታገ ዳኒየልሶን ባዘጋጀው አስቂኝ ፊልም ላይ ተጫውታለች። ጓደኛሞች ለድግስ በጀልባ ወደ አንዲት ደሴት ይመጣሉ፣ ጀልባዋን ግን ከመሳፈሪያው ማስጠጋት ያቅታቸዋል። ፊልሙ በሙሉ ይኸው ነው። የፊልሙን ርዕስ ዘፈንም የዘፈነችው እሷ ናት፣ ዛሬም ይደመጣል። በ1971 ደግሞ የገጠር መንደርን ገዝተው የመዝናኛ ፓርክ ሊያደርጉ ስለሚፈልጉ ባለሀብቶች በተሠራ ሌላ የታገ ፊልም ላይ ከማክስ ፎን ሲዶ ጋር ተጫውታለች። ደህና ፊልም ነው፣ ግን እዚህ ብዙ አልቆይም።

ወደ ትልቁ የፊልም ሥራዋ ከመሄዴ በፊት ስለ ሰውነቷ ልናገር። ሞኒካ የአከርካሪ መጣመም ነበረባት፣ ከባድ። በመድረክ ላይ ስትታይ ቀጥ ያለች፣ ቀላል የምትመስል ሴት ናት። ያንን ቅለት የያዘው የሚያም ጀርባ ነው። የሕዝብ ማመላለሻ ይመስል በየመናፈሻው የዞረችው፣ ሌሊት ሌሊት ሬቪ የሠራችው በዚያ ጀርባ ነው። በ1999 መድረኩን ለመተው ተገደደች። በሜይ 12 ቀን 2005 ስቶክሆልም ባለው አፓርታማዋ በተነሳ እሳት ሕይወቷ አለፈ። እሳቱ አልጋ ላይ ሲጋራ ከማጨስ እንደተነሳ ነው የታመነው። 67 ዓመቷ ነበር።

ሆን ብዬ ወደ መጨረሻ ያቆየኋት ፊልም ወዳጆች የሚጠሯትን ገጸ ባሕሪ፣ ኡልሪካን ነው።

ቪልሄልም ሞበርግ የሚባል ደራሲ ከ1949 እስከ 1959 ባወጣቸው አራት መጻሕፍት በ19ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ ከደቡብ ስዊድን ወደ አሜሪካ ስለተሰደዱ ገበሬዎች ጽፏል። ያ ስደት ትንሽ ነገር አይደለም። እስከ 1930 ድረስ ባሉት ዓመታት ከ1 ሚሊዮን በላይ ስዊድናውያን አትላንቲክን ተሻግረዋል። ዛሬ ስዊድን ስደተኛ የምትቀበል ሀብታም አገር ሆና ለምናውቃት ለእኛ፣ ይህ ሊገርመን ይገባል። ድንጋያማ መሬት፣ ድርቅ፣ ረሃብ፣ በሃይማኖቱ የተነሳ የሚሳደድ ሰው። እነሱም ይህን አልፈዋል።

ዳይሬክተሩ ያን ትሮኤል መጻሕፍቱን በ1971 እና በ1972 ሁለት ረጃጅም ፊልሞች አደረጋቸው። ዋናዎቹን ባልና ሚስት ማክስ ፎን ሲዶና ኖርዌያዊቷ ሊቭ ኡልማን ይጫወታሉ። የመጀመሪያው ፊልም በውጭ ቋንቋ ፊልምነት ለኦስካር ከታጨ በኋላ፣ በቀጣዩ ዓመት ደግሞ ለምርጥ ፊልም ጭምር ታጨ። የውጭ ቋንቋ ፊልም ያንን እጩነት ማግኘቱ በጣም ብርቅ ነበር።

ሞኒካ የተጫወተችው ኡልሪካን ነው። ኡልሪካ የመንደሩ ሴተኛ አዳሪ የነበረች ናት። በልቦለዱ ውስጥ ወላጆቿን በሕፃንነቷ ያጣች ናት። በዚያ ዘመን የስዊድን አጥቢያ ወላጅ አልባ ሕፃንን በጨረታ ይሰጥ ነበር። የሚያሸንፈው ብዙ የሚከፍል አይደለም። ሕፃኑን ለማሳደግ ከአጥቢያው ትንሽ ገንዘብ የሚጠይቀው ነው። ርካሹ ሰው ልጅቷን ይወስዳታል። ኡልሪካ እንደዚያ ተወስዳ፣ በወሰዳት ሰው ተደፍራ ነው ያደገችው። ከዚያ መንደሩ ያንኑ መልሶ በስድብ ጠራት። አንድ የራሱ እምነት ያለው ገበሬ ቤቱ አስጠጋት፣ እሱ ሲሰደድ እሷም ከልጇ ከኤሊን ጋር መርከብ ተሳፈረች።

አሁን መርከቡ ላይ ነን። ሊቭ ኡልማን የምትጫወታት ክርስቲና ጨዋና ንጹሕ የገበሬ ሚስት ናት። አንድ ቀን ራሷ ላይ ቅማል ታገኛለች። በሕይወቷ ቅማል ኖሮባት አያውቅም። ከማን እንደመጣ ለመገመት ብዙ አላሰበችም። ያቺ ሴት ናት። በሰው ሁሉ ፊት ጣቷን ኡልሪካ ላይ ትቀስራለች። ኡልሪካም ልብሷን ታወልቃለች። ፈትሹኝ። ይፈትሹና አንድም ቅማል ያጡባታል።

ትዕይንቱን ያየ ሰው ሞኒካን መርሳት አይችልም። አንዲት ሴት ሕይወቷን ሙሉ የተጫነባትን ስድብ በአንድ ጊዜ ስታወርደው ነው የምናየው። ንዴት አለ፣ ኩራት አለ፣ ከሥሩ ደግሞ ጥልቅ የሆነ ድካም አለ። ያ ጊዜ ጠብቆ የመናገር ችሎታ እዚህም አለ፣ ግን ማንም አይስቅም። ታዋቂ ዘፋኝ ፊልም ላይ ስትመጣ ብዙ ጊዜ ዘፋኟን ነው የምናየው፤ ፀጉሯን፣ ፈገግታዋን። እዚህ ዘፋኟ የለችም። ኡልሪካ ብቻ ናት።

ቀስ በቀስ ክርስቲናና ኡልሪካ የማይለያዩ ወዳጆች ይሆናሉ። ሚኔሶታ ሲደርሱ ኡልሪካን ማንም በድሮ ስሟ የሚጠራት የለም። በሁለተኛው ፊልም አንድ የባፕቲስት ፓስተር ያገባታል። ስዊድን ውስጥ ቤተ ክርስቲያን ያገለላት ሴት አሜሪካ ውስጥ የፓስተር ሚስት ሆነች። ስደት አንዳንድ ሰውን ይሰብራል፣ አንዳንዱን ደግሞ ከስሙ ነፃ ያወጣዋል። ይህን ባሕር ማዶ ያላችሁ ወገኖች ከእኔ በላይ ታውቁታላችሁ።

ሞኒካን ካላወቃችኋት መጀመሪያ «የሞኒካ ዋልስ»ን ስሙ፣ ቀጥሎ «ሳክታ ቪ ጎ»ን። ቋንቋው ባይገባችሁም ቃሉ የት እንደሚጠብቅ፣ የት እንደሚላላ አዳምጡ። ከዚያ የ1971ዱን የስደተኞቹን ፊልም ፈልጉ። ረጅም ነው፣ ጊዜ ሰጥታችሁ እዩት። መርከቡ ላይ ስትደርሱ ከኡልሪካ አጠገብ ያለችውን ልጇን፣ ኤሊንን፣ ልብ በሏት። እሷን የተጫወተችው የሞኒካ የራሷ ልጅ ናት።